የተሽከርካሪ የፊት መብራት አምፖል አመራረጥ፣ አቀያየርና አስተካከል

የተሽከርካሪ የፊት መብራት ሁለት ተግባራት አሉት። አንደኛው አሽከርካሪው ከፊቱ ያለውን መንገድ፣ እግረኛና እንስሳ አስቀድሞ እንዲያይ ማስቻል ነው። ሁለተኛው ደግሞ ከፊት ለፊት የሚመጣውን አሽከርካሪ ዓይን ሳያጥበረብር እንዲተላለፍ ማድረግ ነው። ሁለቱም ተግባራት የሚወሰኑት በአብዛኛው በአንዲት አነስተኛ አምፖልና በአምፖሏ አገጣጠም ነው። አምፖል ዋጋቸው ዝቅተኛ ከሆኑት መለዋወጫዎች የምትመደብ በመሆኗ ግን በግዥም ሆነ በጥገና ወቅት የሚሰጣት ትኩረት አነስተኛ ነው።

የመንግሥት መሥሪያ ቤቶች ተሽከርካሪዎች ሠራተኞችንና ባለሙያዎችን ይዘው ወደ ወረዳና ቀበሌ ሲሰማሩ፣ በዕቅድ ቀን ይጠናቀቃል የተባለው ጉዞ ወደ ምሽት የሚዘልቅበት አጋጣሚ ብዙ ነው። በገጠር መንገዶች ላይ የመንገድ መብራት የለም፤ እግረኞች፣ የጋማ ከብቶችና ጋሪዎች መንገዱን ከተሽከርካሪ ጋር በጋራ ይጠቀሙበታል። በእንዲህ ዓይነቱ መንገድ ላይ የተሽከርካሪው ተሳፋሪዎችም ሆኑ የመንገዱ ዳር እግረኞች ደኅንነት በፊት መብራቱ ላይ የተመሠረተ ይሆናል።

ይህ ጽሑፍ ለስምሪት፣ ለንብረት፣ ለግዥና ለጥገና ክፍል ኃላፊዎች እንዲሁም ለአሽከርካሪዎች ይጠቅማል በሚል የተዘጋጀ ሲሆን፣ የአምፖል ዓይነቶችን መለየትን፣ ትክክለኛውን መምረጥን፣ መቀየርንና የብርሃኑን አቅጣጫ ማስተካከልን በቅደም ተከተል ያብራራል።

የብርሃን ርቀትና የማቆሚያ ርቀት

አሽከርካሪ አደጋን አይቶ ፍሬን እስኪይዝ ድረስ አንድ ሰከንድ ተኩል ያህል ጊዜ ቢወስድበትና መንገዱ ደረቅ አስፋልት ቢሆን፣ በሰዓት 60 ኪሎ ሜትር የሚጓዝ ተሽከርካሪ ሙሉ በሙሉ ለመቆም 45 ሜትር ገደማ ያስፈልገዋል። ፍጥነቱ ወደ 80 ኪሎ ሜትር ሲያድግ ርቀቱ ወደ 69 ሜትር፣ ወደ 100 ኪሎ ሜትር ሲያድግ ደግሞ ወደ 97 ሜትር ከፍ ይላል። በጠጠር መንገድ ላይ፣ በዝናብ ወይም ጎማው ባለቀ ጊዜ ርቀቱ ከዚህም ይጨምራል።

በሌላ በኩል አጭር መብራት ወደ መሬት ዘንበል ብሎ እንዲያበራ ሆኖ የተሠራ ነው። አምፖሉ ከመሬት 75 ሴንቲ ሜትር ከፍታ ላይ ቢሆንና ብርሃኑ በ1 በመቶ ዝቅ ብሎ ቢስተካከል፣ የብርሃኑ የላይኛው ጠርዝ መሬት የሚነካው በ75 ሜትር ርቀት ላይ ነው። ያው ብርሃን በአገጣጠም ጉድለት ወደ 2 በመቶ ዝቅ ቢል ርቀቱ በግማሽ ቀንሶ 37 ሜትር ተኩል ይሆናል። በዚህ ሁኔታ በሰዓት 60 ኪሎ ሜትር የሚነዳ አሽከርካሪ እንኳ ብርሃኑ ባረፈበት ቦታ ያየው ነገር ላይ ሳይደርስ መቆም አይችልም። ብርሃኑ ወደ ላይ ቢያዘነብል ደግሞ ችግሩ ወደ ሌላው አሽከርካሪ ይተላለፋል፤ ዓይኑ የተጥበረበረ አሽከርካሪ መብራቱ ካለፈውም በኋላ ለጥቂት ሰከንዶች በመንገዱ ዳር ያለውን ሰው ላያይ ይችላል።

ከዚህ ስሌት መረዳት የሚቻለው ዋነኛ ቁም ነገር የፊት መብራት ጥራት የሚለካው በአምፖሉ የዋት ብዛት ወይም በብርሃኑ ንጣት አለመሆኑን ነው። መመዘኛው ብርሃኑ በተገቢው ስፍራ ማረፉ ነው።

የአምፖል ዓይነቶች

በአሁኑ ወቅት በተሽከርካሪዎች ላይ የሚገኙት የፊት መብራቶች በሦስት ይከፈላሉ። እነርሱም የሃሎጅን፣ የዜነንና የኤል.ኢ.ዲ መብራቶች ናቸው።

የሃሎጅን አምፖል ከተንግስተን የተሠራ ክር ያለው ሲሆን፣ ሙቀትን በሚቋቋም የኳርትዝ ብርጭቆ ውስጥ እንደ ብሮሚን ካለ የሃሎጅን ንጥረ ነገር ጋር በተቀላቀለ ጋዝ የተሞላ ነው። ከክሩ የሚተነው ተንግስተን በብርጭቆው ላይ ተለጥፎ እንዳያጠቁረው ጋዙ መልሶ ወደ ክሩ አካባቢ ይወስደዋል። የመጀመሪያው የተሽከርካሪ የሃሎጅን አምፖል ኤች 1 በመባል የሚታወቀው ሲሆን፣ በአውሮፓ ሥራ ላይ የዋለው እ.ኤ.አ በ1962 ነበር። በአንድ አምፖል ውስጥ ለአጭርና ለረጅም መብራት የሚያገለግሉ ሁለት ክሮችን የያዘው ኤች 4 ደግሞ እ.ኤ.አ በ1971 ተከትሏል።

በብዛት የሚያጋጥሙት የ12 ቮልት የሃሎጅን አምፖሎች የሚከተሉት ናቸው።

ኤች 4፡- ባለ ሁለት ክር ሲሆን ለረጅም መብራት 60 ዋት፣ ለአጭር መብራት 55 ዋት ይጠቀማል። በፒክአፕ፣ በሚኒባስና በመስክ ተሽከርካሪዎች ላይ በስፋት ይገኛል። ሦስት የኤሌክትሪክ እግሮች ያሉት በመሆኑ በቀላሉ ይለያል።

ኤች 7፡- ባለ አንድ ክርና 55 ዋት ነው። ለአጭርና ለረጅም መብራት የተለያዩ አምፖሎች በሚጠቀሙ አውቶሞቢሎች ላይ ይገኛል።

ኤች 1፡- ባለ አንድ ክርና 55 ዋት ሲሆን፣ በብዙ ተሽከርካሪዎች ላይ ለረጅም መብራት ያገለግላል።

ኤች 11፡- ባለ አንድ ክርና 55 ዋት ሆኖ፣ ለአጭር መብራት ወይም ለጭጋግ መብራት ያገለግላል።

ኤችቢ 3 እና ኤችቢ 4፡- ብዙውን ጊዜ የመጀመሪያው ለረጅም፣ ሁለተኛው ለአጭር መብራት የሚያገለግሉ ሲሆን፣ በአሜሪካ አጠራር 9005 እና 9006 የሚል ቁጥር ተሰጥቷቸዋል።

እነዚህ አምፖሎች የእግራቸው ቅርጽና የክራቸው አቀማመጥ የተለያየ በመሆኑ አንዱ በሌላው ሊተካ አይችልም። ሞርዶ ወይም አጣሞ ማስገባት የሚቻል ቢመስል እንኳ ክሩ ከታሰበለት ቦታ በሚሊ ሜትር ክፍልፋይ ፈቀቅ ሲል ብርሃኑ ይበተናል።

የጭነት ተሽከርካሪዎችና አውቶቡሶች በአብዛኛው በ24 ቮልት የሚሠሩ ናቸው። ለእነዚህ የሚሆነው ኤች 4 አምፖል 75 እና 70 ዋት፣ ኤች 7 ደግሞ 70 ዋት ነው። የ12 ቮልት አምፖል በ24 ቮልት ተሽከርካሪ ላይ ቢገጠም ወዲያውኑ ይቃጠላል። የ24 ቮልቱ በ12 ቮልት ተሽከርካሪ ላይ ቢገጠም ደግሞ ቀላ ያለ ደካማ ብርሃን ብቻ ይሰጣል። አነስተኛና ከባድ ተሽከርካሪዎችን በአንድነት የሚያስተዳድሩ መሥሪያ ቤቶች በንብረት ክፍላቸው ሁለቱን ለያይተው ሊያስቀምጡ ይገባል።

የዜነን መብራት ክር የለውም። ብርሃን የሚሰጠው በጋዝ ውስጥ በሚያልፍ ኤሌክትሪክ ሲሆን፣ እ.ኤ.አ በ1991 በቢ.ኤም.ደብሊው ሰባተኛ ተከታታይ አውቶሞቢል ላይ ለመጀመሪያ ጊዜ ለገበያ ቀርቧል። የተለመደው የዜነን አምፖል 35 ዋት ብቻ ተጠቅሞ ከሃሎጅን ሁለት እጥፍ ያህል ብርሃን ይሰጣል። ይሁን እንጂ ለመነሻ ከ20 ሺህ ቮልት በላይ የሚያመነጭ መሣሪያ ስላለው ባልሠለጠነ ሰው ሊነካ አይገባም።

የኤል.ኢ.ዲ መብራት በአጭር መብራትነት ለመጀመሪያ ጊዜ የተገጠመው እ.ኤ.አ በ2007 በወጣው የሌክሰስ አውቶሞቢል ላይ ነው። በዚህ ዓይነቱ መብራት ብርሃን ሰጪው አካል ብዙውን ጊዜ ከመብራቱ ሙሉ አካል ጋር ተዋሕዶ የተሠራ በመሆኑ ለብቻው የሚቀየር አምፖል የለውም። መንግሥት በ2016 ዓ.ም በነዳጅ የሚሠሩ አውቶሞቢሎች ወደ አገር ውስጥ እንዳይገቡ መወሰኑን ተከትሎ ቁጥራቸው እየጨመረ የመጣው የኤሌክትሪክ አውቶሞቢሎች በብዛት ይህን መብራት የያዙ ናቸው። መሥሪያ ቤቶች እነዚህን ተሽከርካሪዎች ሲገዙ የፊት መብራቱ ቢበላሽ ሙሉ አካሉ በአገር ውስጥ የሚገኝ መሆኑንና የዋስትናውን ሁኔታ አስቀድመው ሊያረጋግጡ ይገባል።

በአምፖል ላይ የሚገኙ ምልክቶች

ደረጃውን የጠበቀ አምፖል በብረት እግሩ ላይ ዓይነቱ፣ ቮልቱ፣ ዋቱና የአምራቹ ስም ተጽፎበታል። ከዚህ በተጨማሪ በክብ ውስጥ "ኢ" የተባለው የላቲን ፊደልና ቁጥር ይገኝበታል። ይህ ምልክት አምፖሉ በተባበሩት መንግሥታት የተሽከርካሪ ደንቦች መሠረት ተፈትኖ የጸደቀ መሆኑን ያመለክታል። ባለ ክር አምፖሎች የሚፈተኑት በደንብ ቁጥር 37 ነው። ቁጥሩ ማረጋገጫውን የሰጠውን አገር የሚገልጽ ሲሆን፣ 1 ጀርመንን፣ 2 ፈረንሳይን፣ 3 ጣሊያንን፣ 4 ኔዘርላንድን፣ 43 ጃፓንን ያመለክታል። ይህም ማረጋገጫ የሰጠውን አገር እንጂ አምፖሉ የተሠራበትን አገር የሚያሳይ አለመሆኑን የርክክብ ኮሚቴዎች ልብ ሊሉት ይገባል። ለአሜሪካ ገበያ የተሠሩ አምፖሎች ደግሞ "ዲ.ኦ.ቲ" የሚሉትን ሦስት የላቲን ፊደላት ይይዛሉ።

ምልክቱ በማሸጊያው ላይ ብቻ ታትሞ በአምፖሉ ላይ ከሌለ ዕቃው አጠራጣሪ ነው። በመሆኑም ርክክብ ሲፈጸም የተወሰኑ ማሸጊያዎችን ከፍቶ ማየት ተገቢ ነው።

በምርጫ ወቅት የሚፈጸሙ ስሕተቶች

የመጀመሪያው ስሕተት ከፍተኛ ዋት ያለው አምፖል የተሻለ ብርሃን ይሰጣል በሚል እምነት የሚፈጸመው ነው። በገበያ ላይ 100 እና 90 ዋት የሆነ የኤች 4 አምፖል ይገኛል። አጭር መብራት ከ55 ወደ 90 ዋት ሲያድግ በሽቦው ውስጥ የሚያልፈው የኤሌክትሪክ መጠን ከ4.6 ወደ 7.5 አምፔር ከፍ ይላል። በሽቦውና በሶኬቱ ላይ የሚፈጠረው ሙቀትም ከሁለት እጥፍ ተኩል በላይ ይሆናል። ውጤቱ የሶኬት መቅለጥ፣ የማብሪያ ማጥፊያ መቃጠልና የአንጸባራቂው መላላጥ ነው። አንጸባራቂው አንዴ ከተላላጠ የትኛውም አምፖል ብርሃኑን አይመልሰውም።

ሁለተኛው ስሕተት ሰማያዊ ቅብ ያለውን አምፖል መምረጥ ነው። ቅቡ ብርሃኑን ነጭ አስመስሎ ቢያሳይም የተወሰነውን ክፍል አስቀርቶ የሚያሳልፍ ማጣሪያ ነው። በተለይ በዝናብና በጭጋግ ወቅት ጥቅሙ ለዓይን ማማር ብቻ ይሆናል።

ሦስተኛውና በአሁኑ ወቅት በስፋት የሚታየው ስሕተት ለሃሎጅን በተሠራ መብራት ውስጥ የኤል.ኢ.ዲ ወይም የዜነን አምፖል መግጠም ነው። ለምሳሌ በኤች 4 አምፖል ውስጥ ከአጭር መብራቱ ክር ሥር አነስተኛ የብረት ጋሻ አለ። ይህ ጋሻ ብርሃኑ ወደ አንጸባራቂው የታችኛው ክፍል እንዳይደርስ በመከልከል ወደ ላይ የሚበተነውን ጨረር ያስቀራል። የአንጸባራቂው ቅርጽም የተሰላው ለቀጭን ክር ነው። የብርሃን ምንጩ ቅርጽና ቦታ ሲቀየር ስሌቱ ይፈርሳል። አሽከርካሪው በአቅራቢያው ያለው መሬት ደምቆ ስለሚታየው መብራቱ የተሻሻለ ይመስለዋል። ይሁን እንጂ የሩቁ እይታ ሊቀንስና ከፊት ለፊት የሚመጣው አሽከርካሪ ሊጥበረበር ይችላል። በጀርመን እ.ኤ.አ ከ2020 ጀምሮ የተወሰኑ የኤል.ኢ.ዲ ምትክ አምፖሎች የተፈቀዱ ቢሆንም፣ ፈቃዱ ተፈትነው ለተረጋገጡ የተሽከርካሪ ሞዴሎች ብቻ የሚሠራ ነው።

አራተኛው ጉዳይ ተጨማሪ ብርሃን ይሰጣሉ ተብለው የሚሸጡ የሃሎጅን አምፖሎችን ይመለከታል። እነዚህ በ55 ዋት ተወስነው ምልክቱን እስከያዙ ድረስ ሕጋዊና ጠቃሚ ናቸው። ነገር ግን ክራቸው ይበልጥ በሚሞቅ ሁኔታ የተሠራ በመሆኑ ዕድሜያቸው ከመደበኛው ያጥራል። ከከተማ ርቀው ለረጅም ጊዜ ለሚሰማሩ የመስክ ተሽከርካሪዎች መደበኛው አምፖል ተመራጭ ነው።

የግዥ መግለጫ አዘገጃጀት

በግዥ መጠየቂያ ላይ "የፊት መብራት አምፖል" ተብሎ ብቻ ሲጻፍ አቅራቢው ዝቅተኛ ዋጋ ያለውን ማንኛውንም አምፖል ለማቅረብ ይችላል፤ የርክክብ ኮሚቴውም ዕቃውን ለመመለስ መሠረት ያጣል። ስለሆነም መግለጫው ቢያንስ የሚከተሉትን ሊያካትት ይገባል።

1ኛ. የአምፖሉ ዓይነት፣ ለምሳሌ ኤች 4 ወይም ኤች 7፤

2ኛ. ቮልት፣ ማለትም 12 ወይም 24፤

3ኛ. ዋት፣ ለምሳሌ 60/55፤

4ኛ. የማረጋገጫ ምልክቱ በራሱ በአምፖሉ ላይ የተቀረጸ መሆኑ፤

5ኛ. ብርጭቆው ሰማያዊ ቅብ የሌለበት መሆኑ፤

6ኛ. ብዛቱ በጥንድ የተገለጸ መሆኑ።

ብዛቱ በጥንድ እንዲሆን የተፈለገው የግራና የቀኝ አምፖሎች እኩል ሰዓት ስለሚያገለግሉ ነው። አንዱ ሲቃጠል ሌላውም ዕድሜው እየተገባደደ በመሆኑ ሁለቱን በአንድ ጊዜ መቀየር የብርሃኑን መጠን እኩል ከማድረጉም በላይ በመንገድ ላይ ከሚፈጠር ችግር ያድናል።

የአምፖሉን ዓይነት ለማወቅ የተሽከርካሪውን መመሪያ መጽሐፍ ወይም ቀድሞ ተገጥሞ የነበረውን አምፖል መመልከት ይቻላል። ቀድሞ የተገጠመው ራሱ ስሕተት ሊሆን ስለሚችል ግን ከመመሪያው ወይም በፋናሌው ላይ ከተቀረጸው ጽሑፍ ጋር ማመሳከር ያስፈልጋል። የስምሪት ክፍሉ የእያንዳንዱን ተሽከርካሪ የአምፖል ዓይነት በሠሌዳ ቁጥሩ መዝግቦ ቢይዝ ሥራው በእጅጉ ይቃለላል።

ከመቀየር በፊት የሚደረግ ፍተሻ

መብራት በጠፋ ቁጥር ጥፋቱ የአምፖሉ ነው ማለት አይቻልም። አንድ ወገን ብቻ ከጠፋ አብዛኛውን ጊዜ የተቃጠለው አምፖሉ ነው። ይህንን ለማረጋገጥ የግራና የቀኙን አለዋውጦ ማየት ይቻላል። ሁለቱም አጭር መብራቶች በአንድ ጊዜ ከጠፉ ግን ፊውዙ፣ ሪሌው ወይም ማብሪያ ማጥፊያው ቀድሞ ሊመረመር ይገባል።

መብራቱ ሳይጠፋ ከደከመ ደግሞ መንስኤው የሽቦ መዛግ ወይም የሶኬት መላላት ሊሆን ይችላል። ወደ አምፖሉ የሚደርሰው ቮልት በ10 በመቶ ሲቀንስ፣ ለምሳሌ ከ13.2 ወደ 11.9 ቮልት ሲወርድ፣ የሃሎጅን አምፖል ብርሃን በ30 በመቶ ገደማ ይቀንሳል። በዚህ ሁኔታ አዲስ አምፖል መግጠም ገንዘብ ማባከን ነው፤ ሶኬቱንና የመሬት መስመሩን ማጽዳት ግን መፍትሔ ይሰጣል።

በተቃራኒው አምፖሎች በአጭር ጊዜ ውስጥ ደጋግመው የሚቃጠሉ ከሆነ የባትሪ ኃይል መሙያው ከመጠን በላይ ቮልት እየሰጠ መሆን አለመሆኑ ሊለካ ይገባል። ቮልቱ በ5 በመቶ ብቻ ሲጨምር የአምፖሉ ዕድሜ በግማሽ ሊቀንስ ይችላል። ሞተሩ እየሠራ በ12 ቮልት ተሽከርካሪ ባትሪ ላይ የሚለካው ቮልት ከ15 በላይ ከሆነ የኃይል መሙያው መጠገን አለበት።

የተቃጠለው አምፖልም መረጃ ይሰጣል። ብርጭቆው ውስጡ ከጠቆረ በአብዛኛው ዕድሜውን የጨረሰ ነው። ውስጡ ነጭ ወይም ቢጫ ዱቄት ከያዘ አየር ገብቶበታል ማለት ነው። በአንድ ወገን አብጦ ከታየ ደግሞ በጣት ወዝ ወይም በሌላ ቅባት ተነክቶ ሊሆን ይችላል።

የፋናሌው የፊት ሽፋንም ሊታይ ይገባል። በዘመናዊ ተሽከርካሪዎች ላይ ሽፋኑ የሚሠራው ከፕላስቲክ በመሆኑ ከጊዜ ብዛት በፀሐይ ጨረር ቢጫ ይሆናል፤ ይደበዝዛልም። ተሽከርካሪን ጥላ ባለበት ቦታ ማቆም ይህን ያዘገየዋል። የደበዘዘ ሽፋን በባለሙያ ተወልውሎ ሊጠራ የሚችል ሲሆን፣ ይህ ሳይደረግ አምፖል መቀየር ለውጥ አያመጣም።

የአቀያየር ቅደም ተከተል

የሃሎጅን አምፖል መቀየር አብዛኛውን ጊዜ ከ15 ደቂቃ የማይበልጥ ሥራ ነው። በአንዳንድ ተሽከርካሪዎች ላይ ግን ወደ አምፖሉ ለመድረስ ባትሪውን ወይም ፋናሌውን ማውረድ ስለሚያስፈልግ መመሪያውን አስቀድሞ ማንበብ ይገባል።

1ኛ. ተሽከርካሪውን ደልዳላ ቦታ ላይ አቁሞ የእጅ ፍሬን መያዝ፣ ሞተሩንና መብራቱን ማጥፋት፣ ቁልፉንም ማውጣት ያስፈልጋል። የበራ አምፖል ብርጭቆ በመቶዎች የሚቆጠር ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ ስለሚሞቅ እስኪበርድ መጠበቅ ግዴታ ነው።

2ኛ. ኮፋኖውን ከፍቶ ሶኬቱን ከአምፖሉ ማላቀቅ ነው። ሲላቀቅ ሶኬቱን ራሱን እንጂ ሽቦውን መጎተት አይገባም። ሶኬቱ የቀለጠ ወይም የጠቆረ ከሆነ አብሮ መቀየር አለበት።

3ኛ. የላስቲክ ሽፋኑን ማውለቅና አምፖሉን የያዘውን የሽቦ ማቀፊያ መልቀቅ ነው። አምፖሉ ከመውጣቱ በፊት አቀማመጡን በሚገባ ማስተዋል ይጠቅማል።

4ኛ. አዲሱን አምፖል በብረት እግሩ ብቻ ይዞ ማስገባት ነው። ብርጭቆውን በባዶ እጅ መንካት ክልክል ነው። የጣት ወዝ በብርጭቆው ላይ ሲቃጠል ሙቀቱን በአንድ ቦታ በማከማቸት ዕድሜውን ያሳጥራል። በስሕተት ከተነካ በአልኮል በረጠበ ንጹሕ ጨርቅ ጠርጎ ማድረቅ ያስፈልጋል። በአምፖሉ ውስጥ ያለው ጋዝ የታመቀ በመሆኑም መነጽር ማድረግ ይመከራል።

5ኛ. የኤች 4 አምፖል እግር ሦስት ጥርሶች ያሉት ሲሆን፣ ወደ ቦታው የሚገባው በአንድ አቅጣጫ ብቻ ነው። በግፊት ማስገባት አስፈላጊ ከሆነ አቀማመጡ ትክክል አይደለም ማለት ነው። ማቀፊያው በሚገባ ካልተቆለፈ አምፖሉ ዘንበል ይልና ብርሃኑ ወደ ላይ ይወጣል።

6ኛ. የላስቲክ ሽፋኑን ዙሪያውን አጥብቆ መመለስ ነው። ሽፋኑ ሳይገጠም ከቀረ አቧራና እርጥበት ገብተው አንጸባራቂውን ያበላሹታል። በገጠር መንገድ ለሚሠሩ ተሽከርካሪዎች ይህ በቸልታ የሚታለፍ አይደለም።

7ኛ. ሶኬቱን መልሶ አጭሩንም ረጅሙንም መብራት ማብራትና በሁለቱም ወገን መሥራታቸውን ማረጋገጥ ነው።

የዜነን መብራት ያላቸው ተሽከርካሪዎች ላይ ግን ከላይ የተገለጸው ሥራ በሠለጠነ ባለሙያ ብቻ ሊከናወን ይገባል።

የብርሃኑን አቅጣጫ ማስተካከል

አምፖል ከተቀየረ በኋላ ብዙ ጊዜ የሚዘነጋው የመጨረሻው ደረጃ ይህ ነው። የተሟላ ጋራዥ ለዚሁ ተግባር የሚሆን የመለኪያ መሣሪያ ይኖረዋል። መሣሪያው በማይገኝበት ቦታ ደግሞ በግድግዳ መፈተሽ ይቻላል።

የጎማዎቹ ነፋስ ከተስተካከለ በኋላ ተሽከርካሪው በደልዳላ መሬት ላይ፣ ፊቱ ወደ ግድግዳ ሆኖ፣ መብራቱ ከግድግዳው 10 ሜትር እንዲርቅ ተደርጎ ይቆማል። የሁለቱ መብራቶች መካከለኛ ነጥብ ከመሬት ያለው ከፍታ ተለክቶ በግድግዳው ላይ ምልክት ይደረጋል። አጭር መብራት ሲበራ የብርሃኑ የላይኛው ጠርዝ ከምልክቱ በታች ማረፍ አለበት። ለ1 በመቶ ዝቅታ የተሠራ መብራት በ10 ሜትር ርቀት ላይ 10 ሴንቲ ሜትር ዝቅ ማለት ይኖርበታል። ትክክለኛው መጠን በብዙ ተሽከርካሪዎች ላይ በፋናሌው ወይም በኮፋኖው ሥር በመቶኛ ተጽፎ ይገኛል። ማስተካከያው በፋናሌው ጀርባ ያለውን ብሎን በካቻቢቴ በማዞር ይከናወናል።

ተሽከርካሪው ከኋላ ሰውና ዕቃ ሲጫንበት ፊቱ ከፍ ስለሚል ብርሃኑም ይነሳል። በመሪው አካባቢ ከዜሮ ጀምሮ ቁጥር የተጻፈበት የመብራት ማስተካከያ ያላቸው ተሽከርካሪዎች አሽከርካሪው እንደ ጭነቱ መጠን ብርሃኑን ዝቅ እንዲያደርግ ያስችሉታል። ተመልሶ ባዶውን ሲነዳ ወደ ዜሮ መመለስ እንዳለበት መዘንጋት አይገባም።

የቀኝና የግራ መንገድ ልዩነት

አጭር መብራት በሁለቱም ወገን እኩል አያበራም። በቀኝ መስመር በሚነዳባቸው አገሮች ብርሃኑ በቀኝ በኩል ከፍ ብሎ የመንገዱን ዳር ሲያሳይ፣ በግራ በኩል ዝቅ ብሎ ተቃራኒውን አሽከርካሪ ከመጥበርበር ያድናል። ኢትዮጵያ ከ1956 ዓ.ም ጀምሮ የምትጠቀመው የቀኝ መስመርን ነው። እንደ ጃፓን፣ እንግሊዝና ኬንያ ላሉ በግራ ለሚነዳባቸው አገሮች የተሠራ ፋናሌ በአገራችን መንገድ ላይ ሲበራ ከፍ ያለው ብርሃን በቀጥታ ወደ ተቃራኒው አሽከርካሪ ዓይን ይሄዳል። በሞያሌ በኩል ድንበር ተሻግረው የሚመጡ ተሽከርካሪዎችም ይኸው ችግር ያጋጥማቸዋል።

ይህ ልዩነት የሚመነጨው ከፋናሌው ቅርጽ በመሆኑ አምፖል በመቀየር አይስተካከልም። በአደጋ የተጎዳ ፋናሌ ባገለገለ ዕቃ ሲተካ ለየትኛው መስመር የተሠራ መሆኑ መረጋገጥ አለበት። በተባበሩት መንግሥታት ደንብ መሠረት ለግራ መስመር ብቻ የተሠራ ፋናሌ አግድም ቀስት የተቀረጸበት ሲሆን፣ ለቀኝ መስመር የተሠራው ግን ቀስት የለውም።

የመሥሪያ ቤቶችና የአሽከርካሪዎች ድርሻ

ዓመታዊ የቴክኒክ ምርመራ የፊት መብራትንም የሚመለከት ቢሆንም፣ አምፖል በዓመቱ ውስጥ በማንኛውም ቀን ሊቃጠል ይችላል። በመሆኑም የስምሪት ክፍሎች ተሽከርካሪ ለመስክ ከመውጣቱ በፊት የአጭርና የረጅም መብራት ፍተሻን በመውጫ ቅጹ ላይ ቢያካትቱ፣ በየተሽከርካሪው ውስጥም አንድ ጥንድ ትርፍ አምፖልና የተለያየ መጠን ያላቸው ፊውዞች እንዲኖሩ ቢያደርጉ ወጪው አነስተኛ ነው። ትርፍ አምፖሎቹ በማሸጊያቸው ውስጥ እንዳሉ ከንዝረት ተጠብቀው ሊቀመጡ ይገባል።

አሽከርካሪዎች በበኩላቸው በየዕለቱ የመብራቱን ሽፋን ከጭቃና ከአቧራ ማጽዳት፣ ከፊት ለፊት ተሽከርካሪ ሲመጣም ረጅሙን ወደ አጭር መቀየር ይጠበቅባቸዋል። በአንድ መብራት ብቻ መጓዝ ሌላው አሽከርካሪ ተሽከርካሪውን ሞተር ብስክሌት አድርጎ እንዲገምት ስለሚያደርገው እጅግ አደገኛ ነው። አምፖሉ በጉዞ ላይ ተቃጥሎ ትርፍ ከሌለ፣ በአቅራቢያው ባለ ከተማ አድሮ በማግሥቱ ጉዞን መቀጠል ተመራጭ ነው። ኃላፊዎችም አሽከርካሪው ይህን ሲወስን ሊደግፉት ይገባል፤ የስብሰባ ሰዓት ሊሸጋሸግ ይችላል፤ በሌሊት ጉዞ የሚጠፋ ሕይወት ግን አይመለስም።

በአጠቃላይ ትክክለኛውን ዓይነት በመግለጫ ለይቶ መግዛት፣ ብርጭቆውን ሳይነኩ መግጠምና ብርሃኑን በግድግዳ መፈተሽ ከፍተኛ በጀትም ሆነ የተለየ ሙያ የማይጠይቁ ተግባራት ናቸው። የሚጠይቁት የግዥ፣ የንብረት፣ የስምሪትና የጥገና ክፍሎች እያንዳንዳቸው ድርሻቸውን አውቀው በቅንጅት መሥራታቸውን ነው።